ከአዳማ የተላኩ እንግዶች

አዳማ፣ ጥር 6 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለመምህሬ ለጋሽ አብተው፣
ባቱ

ጋሼ፣ እንዴት ሰነበቱ? ጉልበትዎስ? እኔ አለሁ። አለሁ ስል እኔን ማለቴ ነው እንጂ ቤቱስ በየቀኑ እየተወዛወዘ ነው። ቅድም የሻይ ብርጭቆዬ ጠረጴዛው ላይ ሲሄድ አየሁትና ዝም ብዬ በዓይኔ ተከተልኩት፤ መሮጥ እንዳለብኝ የገባኝ ጎረቤቱ ሁሉ ከወጣ በኋላ ነው። ለጠየቁኝ፣ የቢሮው ግድግዳ አልተሰነጠቀም። አከራያችን ወይዘሮ ሸዋወርቅም ደህና ናቸው፤ የኪራዩን ቀን አልረሱም።

ትናንት በስልክ ስለጮህኩብዎ ይቅርታ። እኔ ስለ ቀብድ ስጠይቅ እርስዎ ስለ ጀልባ ነዳጅ ሲመልሱልኝ ግራ ገብቶኝ ነው። ጆሮዎ ስልክ ላይ እንደማይሰማ እያወቅሁ መደወሌ የኔ ጥፋት። በአጭር መልእክት እንዳልጽፍልዎ «አማርኛን በፈረንጅ ፊደል አላነብም» ብለው ከልክለውኛል። እንግዲያው እንደ ድሮ ሰው በወረቀት እንጻጻፍ። ከአዳማ ባቱ ሚኒባስ የሚነዳው ራህመቶ ሃምሳ ሃምሳ ብር ከሰጠነው በእጅ አደርሳለሁ ብሏል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሦስቱም ቡድኖች ቀርተዋል። ፈንታሌ ተራራ ሊወጡ የነበሩት አሥራ ስምንቱ የአዲስ አበባ ልጆች፣ ለጥምቀት ሳምንት የተመዘገበው ትምህርት ቤት፣ ከቢሾፍቱ የሚመጡት ባልና ሚስትም። ተራራው ራሱ እየተንቀጠቀጠ ማን ይፈርድባቸዋል? ወደ ባቱ እንቀይርላችሁ፣ ሐይቁ ሰላም ነው ብላቸው አንደኛው «ሁሉም ያው ስምጥ ሸለቆ አይደለም ወይ?» አለኝ። እርስዎ ቢሆኑ በካርታ ያስረዱት ነበር። ቀብዳቸውን ይፈልጋሉ። ቀብዱ ደግሞ ግማሹ ለድንኳን፣ ግማሹ ለጀልባው ባለቤት ለጃዕፈር ወጥቷል።

እርስዎ የሠላሳ አራት ዓመት ቁጠባዎን፣ እኔ ከእናቴ ቤት የደረሰኝን ድርሻ ያፈሰስንበት «ቀስ በቀስ የእግር ጉዞ» ገና ሁለት ዓመቱ ነው። የንግድ ፈቃዱ እስከ ሰኔ መጨረሻ ይሠራል፤ ከዚያ ወዲያ ወይ ማደስ ነው ወይ መመለስ። እስከዚያ ይህን ጉድጓድ በምን እንደምንደፍነው አላውቅም። ብቻ ተስፋ እንዳይቆርጡብኝ። እኔ አልቆረጥኩም። ቀብዱን ምን ላድርግ? መሬቱስ መቼ ነው የሚያቆመው?

አክባሪ ተማሪዎ
ልዩ


ባቱ፣ ጥር 12 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለልዩ

እንኳን ለጥምቀቱ አደረሰሽ። እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ለመራመድ፣ ጆሮዬ ለመናደድ ይበቃኛል። ስለ ስልኩ ይቅርታ አትጠይቂኝ፤ እኔም የሰማሁ መስዬ ስመልስ ነበር።

ቀብድ ማለት ምን እንደሆነ አንቺም ታውቂያለሽ። የሰጠው ሰው ውሉን ካፈረሰ ይቀርበታል፣ የተቀበለው ካፈረሰ እጥፍ አድርጎ ይመልሳል። አባቶቻችንም ሕጉም የሚሉት ይህንኑ ነው። አሁን ያፈረሰው ማን ነው? እኔ ሦስት ቀን አሰብኩበት። እነሱ አላፈረሱም፣ ፈሩ እንጂ። እኛም አላፈረስንም። ያፈረሰችው መሬት ናት፤ እሷን ደግሞ ሽማግሌ ልከሽ አትጠይቂያትም። ስለዚህ እጥፍም አንመልስ፣ አንብላውም፤ ልኩን መልሺላቸው። ሰው ነገ ደፍሮ ሲመጣ ወደ ማን እንደሚመጣ ያውቃል።

የጃዕፈርን አትንኪበት። ጀልባውን አጥቦ ሲጠብቅ የዋለ ሰው ውሎውን ውሏል።

ስለ መሬቱ መቼ እንደሚያቆም ጠይቀሽኝ ነበር፤ አላውቅም። ሠላሳ አራት ዓመት ሙሉ አዳማ ላይ «ይህ ሸለቆ በየዓመቱ ጥቂት ሚሊ ሜትር ይሰፋል» እያልኩ አስተማርኩ። ፈተና ላይም አወጣሁት። በኔ ገንዘብ ላይ ይሰፋል ብዬ ግን አስቤ አላውቅም።

እውነቱን ለመናገር ሌላ ነገር ልጽፍልሽ ነበር የተቀመጥኩት። ያንቺን ደብዳቤ ደግሜ ሳነብ ወረቀቱን ቀየርኩ። አንቺ ካልቆረጥሽ እኔ ማን ነኝና እቆርጣለሁ። ደግሞም እዚህ እንግዳ ጨርሶ አልጠፋም። ባለፈው ሁለት ኖርዌያውያን በራሳቸው መጥተው ወፍ አሳየኋቸው። ድርሻሽ አራት ሺህ ብር በፖስታው ውስጥ አለ። ቆጥረሽ ተቀበዪ፤ ራህመቶ ታማኝ ነው፣ ፖስታው ግን ቀጭን ነው።

መምህርሽ
አብተው


አዳማ፣ የካቲት 13 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ አብተው

ጋሼ፣ ለጤናዎ እንዴት ነዎት? መልስ ስላዘገየሁ ይማሩኝ፤ ሥራ በዝቶብኝ ነው። የቢሮው ስልክ ለምን እንደማይነሳ በራህመቶ አስጠይቀውኛል። መስመሩ ተበላሽቷል። የሚፈልገኝ ሰው በእጅ ስልኬ ይደውል ይበሉልኝ።

ቀብዱን እንዳሉኝ መልሻለሁ። የትምህርት ቤቱ ሰውዬ ገንዘቡን ሲቀበል «ትመልሳላችሁ ብዬ አልጠበቅሁም» አለኝ፤ ደስ ይበለኝ ወይ ይክፋኝ ግራ ገባኝ። የኖርዌያውያኑ ደርሶኛል፣ ይባረኩ። እንዴት ባለ ጊዜ መጡልን! ስንት ቀን ይቆያሉ? እርስዎ እዚያ ብቻዎን ሲለፉ እኔ እዚህ እጄን አጣጥፌ አልቀመጥም፤ እኔም ሰው አግኝቻለሁ።

እሑድ ለቅበላው አምስት ሴቶች ይመጣሉ። ባንክ ነው የሚሠሩት። ሙሉ ቀን፣ ከጀልባና ከአሳ ምሳ ጋር፣ በሰው ሰባት መቶ ብር። ሦስት ሺህ አምስት መቶው በራህመቶ እጅ ተልኳል። አንድ ነገር ልለምንዎ፣ ስለ ሥራቸው ብዙ አይጠይቋቸው። የእረፍት ቀናቸው ነው፤ ሰው በእረፍቱ ቀን ስለ ሥራው ሲጠየቅ ይከፋዋል። ስለ ወፎቹ ብቻ ያውሯቸው። አሳው ጠበስ ይበልላቸው።

ልጅዎ
ልዩ


ባቱ፣ የካቲት 18 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልዩ

ሰላም ላንቺ ይሁን። ጾሙን በሰላም ያስፈጽመን።

እንግዶችሽ መጥተው ሄዱ። ምን እንደምልሽ አላውቅም። ጨዋ ልጆች ናቸው፤ ነገር ግን እንደነሱ ያለ እንግዳ አይቼ አላውቅም። አንደኛዋ ጀልባው ላይ እንደወጣን እንቅልፍ ወሰዳት። ጉማሬዎቹ ጋ ስንደርስ ልቀስቅሳት ብል ጓደኛዋ ጆሮዬ ሥር መጥታ «ተዋት ጋሼ፣ የሌሊት ፈረቃ ነበረች» አለችኝ። ባንክ ውስጥ የሌሊት ፈረቃ አለ እንዴ? ዘበኛ ትሆን ብዬ ተውኩት። ጂቱ የምትባለዋ ደግሞ ገና በአራት ሰዓት «ስንት ሰዓት ድረስ ነው መቆየት ያለብን?» ብላ ጠየቀችኝ። ይህንን ጥያቄ ተማሪ ሺህ ጊዜ ጠይቆኛል፤ ከፍሎ የመጣ ሰው ሲጠይቀኝ ግን የመጀመሪያዬ ነው። ትልቁን ወፍ፣ አባ ኮዳን፣ ሳሳያት ግን ዓይኗን አልነቀለችም። ይሄ ሁሉ አንገት ለምን አስፈለገው ብላ ጠየቀች። ጥሩ ጥያቄ ነው፤ መልሱን ግማሹን ብቻ ነው የማውቀው።

አሳውን እስከ አጥንቱ በሉት፤ ደስ አለኝ።

በአምስቱም ሹራብ ላይ ክር ክር ነገር ነበረ። ጃዕፈርም አይቶታል። እንዳልሽኝ ስለ ሥራቸው አልጠየቅሁም።

ከወጪ ቀሪ ድርሻሽን ልኬያለሁ። ኖርዌያውያኑም ዳግመኛ ስለመጡ የነሱ ድርሻ ሦስት ሺህ ተጨምሮበታል። ስንት ቀን እንደሚቆዩ ጠይቀሽኛል፤ እኔ ምኑን አውቄ።

ደብዳቤሽ የተጻፈበት ወረቀት ጀርባው ላይ «የመግቢያና መውጫ ሰዓት» የሚል ሠንጠረዥ ታትሞበታል። ቢሯችን ውስጥ አንቺ ብቻ ነሽ ያለሽው። መቼ እንደምትገቢ የምትቆጣጠሪው ራስሽን ነው? ወረቀቱ ረክሶ ገዝተሽው ከሆነ ደህና አድርገሻል።

አብተው


አዳማ፣ መጋቢት 22 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ አብተው

ጋሼ፣ ጾሙ እንዴት ይዞዎታል? ጉልበትዎን ብርድ እንዳይመታው። አዎ፣ ወረቀቱ በርካሽ የተገዛ ነው።

ይቅርታ ያድርጉልኝና አንድ ያልገባኝን ነገር ልጠይቅዎ። ሁለት ምሽት የሒሳብ ደብተሩን ይዤ ተቀመጥኩ። ስደምረው አተረፍን ይለኛል። ደግሜ ደመርኩት፣ ያው ነው። ከጥር ወዲህ እኔ ሦስት ጊዜ ሰው ላክሁ፣ እርስዎ አራት ጊዜ ኖርዌያውያን አገኙ፤ አንድም ሌላ ሰው ደውሎልን አያውቅም። መንገዱ ባዶ ነው፣ ሆቴሎቹ ባዶ ናቸው፣ በዚህ ከተማ እንግዳ የሚመሩ ሰዎች ሁሉ ያለቅሳሉ። እኛ ብቻ ካምናው አትርፈናል። ላም አለኝ በሰማይ ነው እንዳልል ብሩ እጄ ላይ ነው። ግን ደግሞ እጄ ላይ አይበረክትም፤ ሳይ ሳይ ያልቃል።

የገቢዎች ሰው ደግሞ የኖርዌያውያኑን ስምና የፓስፖርት ቁጥር ይፈልጋል። አራት ጊዜ የመጣ ሰው ስሙ አይጠፋም መቼም። እባክዎ ጽፈው ይላኩልኝ።

ለመጪው እሑድ ስድስት ሰው እልክልዎታለሁ። ክፍያውን አያይዣለሁ። ጂቱ ካልመጣሁ ብላ ስላስቸገረች ስድስተኛ አድርጌያታለሁ። ጾም ስለሆነ ሽሮ ይበቃቸዋል።

እርስዎ ደህና ከሆኑልኝ እኔ ሌላው አያስጨንቀኝም። ጀልባዋ ላይ ቆመው ሲያስረዱ እንዳሉ ሳስብ ደስ ይለኛል፤ ጡረታ የወጡ ዕለት የነበረው ፊትዎ ዛሬም ከዓይኔ አልጠፋም።

ልዩ


ባቱ፣ ሚያዝያ 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልዩ

እንደምን ሰንብተሻል?

የሰሜን ሰው ስም ለአፍም ለብዕርም አይመችም። ሰውዬው ረጅም ነው፣ ሴቲቱም ረጅም ናት። ፓስፖርት አምጡ ብዬ አልጠየቅሁም፤ እኔ ፖሊስ አይደለሁም። ገቢዎች ከፈለገ የኔን ስም ይጻፍ። ደግመሽ ስለነሱ እንዳትጠይቂኝ።

ከላይ ያለውን በቁጣ ጻፍኩት። ልሰርዘው ብዬ ተውኩት፤ ሰርዤ ብልክልሽ ምን ነበር ብለሽ ትጠይቂኛለሽ።

አሁን ደግሞ የኔ ጥያቄ። የጃዕፈር ልጅ ዳሊያ ባለፈው ሳምንት ለትምህርቷ ጉዳይ አዳማ መጥታ ነበር። ሰላም በያት ብዬ አሳ አስይዤ ወደ ቢሯችን ላክኋት። በሩን ስትከፍት ውስጥ ሦስት ሴቶች ጥፍራቸውን እየተቀቡ ነው። ቤቱን ተሳሳትኩ ብላ ወጥታ ቁጥሩን አየች፤ ቁጥሩ የኛው ነው። የጥፍር ቤቱን ባለቤት ብትጠይቃት ከየካቲት አንስቶ ተከራይቻለሁ አለቻት። ማታ ደግሞ ከኢንዱስትሪ ፓርኩ ከሚወጡት ሠራተኞች መካከል አንገቷ ላይ ባጅ ያንጠለጠለች አንቺን የምትመስል ሴት አይታለች። አሳውን ላንቺ ይሁን ለሷ እንደምትሰጥ ግራ ገብቷት ይዛው ተመለሰች። ሸቶ ነበር።

ልዩን የሚመስል ሰው ብዙ ነው አልኳት። ጃዕፈርንም እንደዚያው አልኩት። እንደዚያ ነው አይደል?

አብተው


አዳማ፣ ሚያዝያ 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለመምህሬ ለጋሽ አብተው

እንኳን ለብርሃነ ትንሣኤው አደረሰዎ። ይህን ደብዳቤ ስንት ጊዜ ጀምሬ ስንት ጊዜ እንደቀደድኩት ራህመቶ ይመስክር፤ ሦስት ቀን በር ላይ እየጠበቀ ባዶውን ሄዷል።

ትናንት ግን አልሄድም አለ። ሃምሳ ብሩን ስሰጠው መልሶ እጄ ላይ አስቀመጠው። ሞተሩን አጥፍቶ ወርዶ ምን አለኝ መሰልዎ? «አንቺ የደመወዝሽ ዕለት ከፓርኩ በር ላይ ፖስታ ትሰጪኛለሽ። እሳቸው የጡረታቸው ዕለት ከባንክ በር ላይ ፖስታ ይሰጡኛል። አራት ወር ሙሉ ያንኑ ብር ነው የማመላልሰው። ከዚህ ንግድ ያተረፍኩት እኔ ብቻ ነኝ፣ አሁንስ አፈርኩ» አለኝ።

የኔን ያውቃል፣ ደህና፤ የእርስዎን ሲናገር ግን መጀመሪያ አልገባኝም። ቀስ እያለ ሲገባኝ ከመንገዱ ዳር ያለው ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ።

ዳሊያ ያየችው እኔን ነው፣ ጋሼ። ቢሮውን በየካቲት መጀመሪያ ለቀቅሁ። ፓርኩ ውስጥ አንድ ልብስ ስፌት ፋብሪካ የሠራተኛ ሰዓት መዝጋቢ ሆኜ ገብቻለሁ። ባንክ የሚሠሩ ያልኩዎት ልጆች የስፌት መስመር ላይ ያሉ ናቸው። አልከፈሉም፤ እኔ ነኝ የከፈልኩላቸው። መጀመሪያ ማንም እሺ አላለኝም፣ እሑድ እንቅልፍ ነው የምንፈልገው ብለው። ለምኜ ነው የላክኋቸው። ጂቱ መቼ እንለቀቃለን ብላ መጠየቋ ለዚያ ነው፤ የሥራ ግዳጅ መስሏት ነበር።

ለምን እንዳደረግሁት ልንገርዎ። በጥር የጻፍኩልዎ ደብዳቤ መጨረሻው ላይ «እንዝጋው» ልል ነበር። መጻፉ አቃተኝ። ይህን ሥራ እንጀምር ብዬ ያግባባሁዎ እኔ ነኝ። ቁጠባዎን ያስወጣሁዎ እኔ ነኝ። ከክፍል ያወጣዎት ጡረታ ነው፣ ከዚህም ሁለተኛ ጡረታ ላወጣዎት? ስለዚህ አልቆረጥኩም አልኩ። ውሸቴን ነበር። የእርስዎን ብር ስቀበል ደግሞ ንግዱ የሚሠራ መስሎኝ፣ እርስዎ በርትተው እኔ ከዳሁ ብዬ አፈርኩና በዚያው ብር ሌላ እንግዳ ላክሁ።

ይቅር ይበሉኝ። ኖርዌያውያኑ አሉ ወይ?

ልዩ


ባቱ፣ ግንቦት 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልዩ

የሉም።

ኖርዌይን የመረጥኳት ሩቅ ስለሆነች ማንም አያጣራም ብዬ ነው። ገንዘቡ ከጡረታዬ ነው፣ ሲያንስ ደግሞ ከማስጠናት የማገኘው። ከየካቲት ጀምሮ አሥራ ሁለተኛ ክፍሎችን ጂኦግራፊ አስጠናለሁ፤ አልነገርኩሽም።

ደብዳቤሽን ያነበብኩ ዕለት ተናደድኩብሽ። ራህመቶን እንኳ ሰላም ሳልለው ገባሁ። እንደ ልጅ አታላ ሸነገለችኝ ብዬ። ከዚያ ምሳ ላይ ትዝ ሲለኝ፣ ለካ እኔም ያንኑ ነው ስሠራ የከረምኩት። ምን ይባላል ይሄ? ለሌላ ሰው ብነግረው ያበዱ ናቸው ይላል። ይሉኝታ የሚባለው ነገር አንዱን ሰው ሲበላ አይቻለሁ፤ ድርጅት ሲበላ ግን አሁን ገና አየሁ።

ጥር ላይ ወረቀት ቀየርኩ ያልኩሽን ታስታውሺያለሽ። የቀደድኩት «ልጄ፣ በቃን» ይል ነበር። የእናትሽን ቤት ድርሻ ሐይቅ ውስጥ የጨመርኩት እኔ ነኝ ብዬ ነው የማስበው። «መሬቱን እኔ አውቀዋለሁ፣ ሰዉን አንቺ ታመጪያለሽ» ያልኩሽ እኔ አይደለሁም? ወጣትነትሽን አስያዝኩሽ። ያንቺ ደብዳቤ አልቆረጥኩም ሲል እንዴት ብዬ ልቁረጥ? እኔ ስላንቺ ስዋሽ አንቺ ስለኔ ትዋሻለሽ፤ ሁለታችንም የማንፈልገውን ሬሳ ተሸክመን እየተሻለው ነው እንባባላለን።

ደመርኩት። ለጀልባ፣ ለምሳ፣ ለራህመቶ፣ ለማይረባው ጨዋታችን በአራት ወር ሠላሳ አንድ ሺህ ብር አውጥተናል። መሬቷ ያከሰረችን ከዚህ ያንሳል። ውሃ ቢወቅጡት መልሶ እምቦጭ ማለት ይኸው ነው።

ሰሌዳ ፊት ስቆም ደስ ይለኛል፣ ልዩ። ልጆቹ ስለ መንቀጥቀጡ ይጠይቁኛል፣ እኔም አላውቅም ማለት እየተማርኩ ነው። ስለኔ አታስቢ። ስላንቺ ደግሞ እኔ ላስብ አልችልም፤ ራስሽ ንገሪኝ፤ ደመወዙስ ያኖርሻል? እንዝጋው ወይ?

አብተው


አዳማ፣ ግንቦት 23 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ አብተው

ጋሼ፣ ሰላምዎ ይብዛ። ለጥያቄዎ፣ ደመወዙ ትንሽ ነው፣ ግን ቀኑን ጠብቆ ይመጣል። ምሳ ይሰጡናል። አለቃዬም ክፉ አይደለችም።

እንዝጋው። ይህችን አንድ ቃል ለመጻፍ አምስት ወር ፈጀብኝ። ስጽፈው ቀላል ይሆናል ብዬ ነበር፤ አልሆነም። ሥራ ላይ አለቀስኩና ክር ዓይኔ ውስጥ ገባ አልኳቸው።

ሰባቱን ድንኳን በግማሽ ዋጋ የሚገዛ ሰው ቢሾፍቱ አግኝቻለሁ። ገንዘቡን እኩል እንካፈለው፤ ዕዳውንም እኩል። የጃዕፈርን ቀሪ ከድንኳኑ ሽያጭ ቀድመን እንክፈል። እርስዎ ከድርሻዎ ጨምረው ቢልኩልኝ ራህመቶ አይቀበልዎትም፤ አስምዬዋለሁ። ሐምሌ 1 አስፈቅጄ ንግድ ቢሮ እሄዳለሁና ፈቃዱን እመልሳለሁ።

ከዚህ በኋላ ሰው አልልክብዎትም። አይጠብቁ። እኔ ራሴ ግን አንድ ቀን እመጣለሁ፤ ሁለት ዓመት ሙሉ ሰው እየላክሁ ያን ሐይቅ እኔ በጀልባ አላየሁትም።

ልዩ


ባቱ፣ ሰኔ 23 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልዩ

ሰላምታውን ዝለይው። ይህን ደብዳቤ እንዳገኘሽ መልሺልኝ።

ትናንት እሑድ ጠዋት ጃዕፈር ቤቴ መጥቶ በር አንኳኳ። ወደቡ ላይ ሰው ይፈልግሃል አለኝ። ማነው ብዬ ብጠይቀው እጁን ዘርግቶ ቆጠረልኝ። ወረድኩ። ሃያ ሦስት ናቸው። አሥራ ዘጠኝ ሴቶች፣ አራት ወንዶች። ዳቦና ውሃ ይዘዋል። ከመካከላቸው ጂቱን አየኋት። አሁንም ልዩ አላቆመችም ብዬ አንቺን በሐይቁ ፊት ረገምኩሽ።

ተዘግቷል አልኳቸው። ሳቁ። በነፃ አሳያችኋለሁ፣ ገንዘባችሁን ግን አልነካም አልኩ፤ ያኔ ተቆጡ። ነፋስ ስለነበረ ምን እንዳሉኝ ግማሹ አልተሰማኝም። ጂቱ ብሩን ቆጥራ ኪሴ ውስጥ ከተተችው፤ አሥር አሥር፣ ሃምሳ ሃምሳ፣ የተጨማደደ ብር ነው። ጃዕፈር የወንድሙን ጀልባ ጨምሮ በአራት ዙር አመላለስናቸው። ካፊያ መታን። ማንም አልተኛም። አንድ ልጅ ደብተር ይዞ የወፎቹን ስም በኦሮምኛም በአማርኛም ጻፈ። ከሰዓት በአሥራ አንድ ሰዓት ሚኒባሱ ይሄዳል፣ ተነሱ ብዬ የለመንኳቸው እኔ ነኝ።

አሁን ገንዘቡ ጠረጴዛዬ ላይ ነው። አልነካሁትም። ያንቺ ደመወዝ ከሆነ እግዜር ይይልሽ፣ በራህመቶ እመልሰዋለሁ፣ ደግሜም አላናግርሽም። ለኔ ብለሽ፣ ሽማግሌውን ለመጨረሻ ጊዜ ደስ ላሰኘው ብለሽ አድርገሽው ከሆነ ንገሪኝ። ሌላ ጊዜ ብትዋሺኝ ግድ የለኝም ነበር። በዚህ ላይ ግን አትዋሺኝ። ትናንት ጀልባው ላይ ቆሜ ስናገር ምን እንደተሰማኝ ልጽፍልሽ አልችልም፤ ያ የተገዛ ከሆነ ማወቅ አለብኝ።

ልከሻቸዋል ወይስ አልላክሻቸውም? ምለሽ መልሺልኝ።

አብተው


አዳማ፣ ሰኔ 26 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጋሼ፣

ደብዳቤዎን ያነበብኩት ፋብሪካው በር ላይ ቆሜ ነው። ራህመቶ ሚኒባሱን መንገድ ላይ አቁሞ «መልስ ይዘህ ካልመጣህ እንዳትመጣ ብለውኛል» እያለ ከጎኔ ቆሞ ነበር፤ ኋላ ያለ ባጃጅ ሁሉ ሲሰድበን።

ቁጥሩን ሳይ እኔም አላመንኩም። እርስዎ እኔን ለማጽናናት የፈጠሩት መሰለኝ፤ እንደ ኖርዌያውያኑ። ገብቼ ጂቱን ከስፌት መስመሯ አስነሳኋት፤ ሰዓቷን መቁጠር የኔ ሥራ መሆኑን እንኳ ረሳሁት። እሑድ የት ነበርሽ አልኳት። አቀረቀረች። ከፋሲካ ጀምሮ የመስመሩ ልጆች በየሳምንቱ ሠላሳ ሠላሳ ብር ሲያዋጡ ነበር። እቁብ አቋቁመው፣ ሰብሳቢዋ እሷ ናት። ለምን አልነገርሽኝም ብላት ዓይኔን ሳታይ «ብንነግርሽ ትከፍይልናለሽ ብለን ነው» አለችኝ።

ከዚያ ደግሞ ሁለተኛው መስመር ለመስከረም ማዋጣት እንደጀመረ ነገረችኝ። ዋጋው ስንት ነው ብላ ጠየቀችኝ። እኔ ዋጋው ስንት እንደሆነ ረስቼዋለሁ፣ ጋሼ።

ሐምሌ 1 ንግድ ቢሮ እሄዳለሁ፤ አስፈቅጃለሁ። ልመልሰው ይሁን ላድሰው አላውቅም። ከሁለት ቀን በፊት አውቅ ነበር። እርስዎ ደግሞ ማስጠናቱን እንዳይተዉ፣ እኔም ደመወዜን አልተውም፤ ከዚያ ወዲያ ያለው ምን እንደሚመስል ግራ ገብቶኛል። ያሰቡትን ይጻፉልኝ፤ እኔን ደስ የሚያሰኘኝን ሳይሆን ያሰቡትን። ድንኳኖቹን የሚገዛውን ሰው ጠብቅ ብዬዋለሁ።

ምለሽ መልሺ ላሉኝ፣ ማርያምን አልላክኋቸውም።

ልዩ